ከደረጃው ሥር ስለደበቅኩት ጄኔሬተር

ለተከበሩ የመብራት አገልግሎት ዋና ሥራ አስኪያጅ፣

ይህ ደብዳቤ እጅዎ ሲገባ ጤናዎ የተሟላ፣ ቤትዎ የበራ፣ የቢሮዎም አሳንሰር ያልቆመ እንዲሆን ምኞቴ ነው፤ እኛማ ሻማ ከበን ተቀምጠን እርስዎን ሳናነሳ ያደርንበት ቀን የለም።

አንደኛ፦ መብራታችሁ ሲሄድ አይሰናበትም፣ ሲመጣም አያንኳኳም። በቅርቡ እንደ ተቆጣ አማች ዘው ብሎ ገብቶ ቴሌቪዥናችንን አቃጥሎልን ወጥቷል። ስንደውል ታገሡ ተብለናል፤ ትዕግሥትን ያለ ወረፋ የምታድሉ እናንተ ብቻ ስለሆናችሁ ከልብ እናመሰግናለን።

ሁለተኛ፦ የታደለኝ ትዕግሥት ስላለቀብኝ ተንቀሳቃሽ ጄኔሬተር ገዛሁ። መመሪያው ከቤት ውጭ፣ ከበርና ከመስኮት አርቃችሁ አስነሡ ይላል፤ ለባለቤቴ ጮክ ብዬ አንብቤላታለሁ። አንብቤ ስጨርስ ከደረጃው ሥር አስገብቼ በሰንሰለት አሰርኩት። ለጠየቀኝ ሁሉ ሌባ ፈርቼ ነው አልኩ። ለእርስዎ ግን ምን እደብቃለሁ፤ የፈራሁት ጎረቤት ድምፁን ሰምቶ ስልክ ልሰካ እንዳይለኝ ነው፤ ስለዚህ ዙሪያውን በአሮጌ ፍራሽ ከለልኩት። ለራስ ሲቆርሱ አያሳንሱ ይባል የለ።

ሦስተኛ፦ ከእኛ በላይ የሚኖሩት ልብስ ሰፊዋ እትዬ ጄኔሬተሩን መጀመሪያ ባስነሣሁበት ምሽት ስፌት መኪናቸው ላይ እንደተደፉ ልጃቸው አገኘቻቸው። ከጄኔሬተር ጭስ ጋር የሚወጣው መርዝ ቀለምም ሽታም እንደሌለው ሐኪም ቤት ነገሩን። እሳቸው እራት ላይ ሳለን በሰው ትከሻ ሲወርዱ የእኔ ፍሪጅ በሰላም ያንኮራፋ ነበር። ድነው ሲመለሱ ልጠይቃቸው በራቸው ላይ ብቆም፣ የኔ ልጅ፣ እኔ አመመኝና እራታችሁን አበላሸሁባችሁ፣ ይቅር በሉኝ አሉኝ። ያን ጊዜ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ደስታዬ ነበር፤ መሬት ግን እንደ ድርጅትዎ ናት፣ ሲፈልጓት አትገኝም።

አሁን ጄኔሬተሩ ግቢው ጥግ፣ ከመስኮት ሁሉ ርቆ፣ አራት ጎኑ ክፍት በሆነ የቆርቆሮ ጥላ ሥር ነው፤ ጭስ ማውጫው ወደ ሜዳው ዞሯል። ሞተሩ ሳይበርድ ነዳጅ አይጨመርበትም፤ መጀመሪያ ይነሣል፣ ከዚያ በወፍራም ገመድ ዕቃው አንድ በአንድ ይሰካል። የጎረቤት ስልክ ሁሉ ይመጣል፣ የእትዬ ብቻ ቀርቷል። መብራት ሲሄድ ዝናብ እንኳ ቢሆን መስኮታቸውን ወለል አድርገው ይከፍታሉ። ጨለማውንስ ለምደውታል፤ የሚፈሩት እኔን ነው።

ስለዚህ የምታጠፉበትን ሰዓት አስቀድማችሁ እንድትነግሩን በትሕትና እለምናለሁ፤ ቢያንስ እትዬ ደርበው እንዲለብሱ።

በጨለማም በሀፍረትም የማይለይዎት ደንበኛዎ፣
የምድር ቤቱ ተከራይ

ተጨማሪ ማስታወሻ፦ እትዬን ይቅርታ ጠይቄአቸዋለሁ። ምን ያህል እንደሚከብድ ስላየሁት የድርጅትዎ ዝምታ ከእንግዲህ አይገርመኝም። ምናልባት ሐሳብዎን ከለወጡ ቤታቸው ደረጃውን እንደጨረሱ በስተግራ ነው፤ ደረጃው ጨለማ ስለሆነ ባትሪ ይዘው ይምጡ።