ከቢጫው መስመር ማዶ

ውድ ወንድም ጋሼ፣ ናፍቆቴና ሰላምታዬ ካለህበት ይድረስህ። እኛ ደህና ነን፤ ጣሪያውም ማፍሰሱን ትቷል።

ሥራዬ ያው ነው። ጎን ለጎን ያሉት ዓለማት ሲነካኩ የመለኪያው መርፌ ይንቀጠቀጣል፤ እኔ እመዘግባለሁ። ባለፈው ወር መነጽሬን ቤት ረስቼ አባባ ይዘውልኝ መጡ። ሊያቀብሉኝ ወለሉ ላይ የመነካኪያውን ቦታ የሚለየውን ቢጫ መስመር ሲያልፉ መርፌው ዘለለ። አለቃዬ «ቤት ውስጥ የተለወጠ ነገር ካለ ሙዪ» ብሎ ቅጽ ሰጠኝ። ሳልሞላው መሳቢያዬ ውስጥ አለ።

አባባ ደህና ናቸው። ስንት ዓመት ለምነናቸው እምቢ ያሉትን ሲጋራ እርግፍ አድርገው ተዉት። ቁጣቸውም የለም። ጢማቸውን አሁን በግራ እጃቸው ነው የሚላጩት፤ ምላጩ አንዴም አልቆረጣቸውም። እማማ «እርጅና አለዘበው» ትላለች።

ትናንት ደብዳቤህን ሳነብላቸው ወረቀቱን ተቀብለው ጽሕፈትህን በጣታቸው ዳሰሱት። ከዚያ ቀስ ብለው፣ «ልጅ ሳለ ወንዝ ሲወስደው ማን አወጣው?» አሉኝ።

«እርስዎ ነዎት» አልኳቸው።

ፊታቸውን ሸፍነው አለቀሱ።

ስትመጣ ምንም አትጠይቃቸው፤ እቀፋቸው ብቻ። የሲጋራ ፓኮአቸውን አልጣልኩትም፤ ሥራ ቦታ፣ ከቢጫው መስመር ማዶ፣ ለሚያጨሱት አባባ አስቀምጬላቸዋለሁ። በየጠዋቱ አየዋለሁ፤ እስካሁን አልተከፈተም።

በደህና ቆየኝ።

ታናሽ እህትህ