በሥዕሉ ላይ የጨመርከው መስኮት

ውድ ታደሰ፣

በኮሮና ታመህ ሆስፒታሉ በር ላይ ከተለያየን ስምንት ወር ሆነ። ሆቴሉ በሚያዝያ መልሶ ጠርቶኛል፤ ሠራተኛ ስለቀነሱ የሁለት ሰው ሥራ ብቻዬን እሠራለሁ። ማስክ አድርጌ አልጋ ሳነጥፍ ትንፋሽ ያጥረኛል። መኪናህን የምነዳው እኔ ነኝ፤ መቀመጫውን ወደ ፊት ስቤዋለሁ። ልጃችን መክሊት ሄንደርሰን ከተማ ቤት ተከራይታለች። በእረፍት ቀኗ ትመጣና ፍሪጁን ከፍታ አትበይም እያለች ትቆጣኛለች። እበላለሁ፤ ደክሞኝ ነው እንጂ።

የምጽፍልህ ግን ስለ ሰልማ ነው፤ ከእኛ በላይ ባለው ፎቅ ስለምትኖረው ፍልስጤማዊት ሠዓሊ። የምትሠራበት ካዚኖ ተዘግቶ ቤት በዋልክበት ጊዜ፣ በረንዳ ላይ ተቀምጠህ የጎንደሩን ቤታችንን በእርሳስ ሳልክላት። ሥራዋ አሁንም ያው ነው። ከአገሩ የተፈናቀለ ሰው ሁሉ ትቶት የመጣውን ቤት በገዛ እጁ እንዲስልላት ትለምናለች፤ ከዚያ ያንኑ በትልቅ ሸራ ላይ ትቀባዋለች። እሷ ራሷ ሊባኖስ፣ መጠለያ ካምፕ ውስጥ ተወልዳ የቤተሰቦቿን ቤት አይታው አታውቅም። እናቷ ደጋግማ ስላ ሰጥታታለች፤ ደረጃው አንዴ በግራ፣ አንዴ በቀኝ ነው። ሰልማ ሁሉንም ቀብታቸዋለች፤ አንዱንም አላረመችም።

ባለፈው ሳምንት ጠራችኝ። ሥዕሎቹ ዋተር ስትሪት ላይ ባለ አዳራሽ ለእይታ ሊቀርቡ ስለሆነ፣ ያንተ ከመሰቀሉ በፊት እንዳየው ፈልጋ ነው። በሩ፣ የድንጋዩ አጥር፣ ጓዳው፣ ሁሉም በቦታው አለ። ከአልጋችን በላይ ግን መስኮት አለ። በዚያ በኩል የእትዬ ዘነበች ቤት ከእኛ ጋር ተጣብቆ ነበር፤ መስኮት ቢኖር ኖሮ የምናየው መኝታ ቤታቸውን ነው። ከሞትክ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቅሁ። ከዚያ አጥፊልኝ አልኳት። መክሊት ያንን ቤት የምታውቀው ከዚህ ሥዕል ብቻ ስለሚሆን፣ ትክክለኛው እንዲቀርላት ፈለግሁ።

ሰልማ ብሩሽ አላነሳችም። መጀመሪያ በሰጠሃት ወረቀት ላይ መስኮት እንዳልነበረ ነገረችኝ። እነሱ ዘንድ ሰው የሚጠራው በበኩር ልጁ ስም ነው፤ አንተንም "አቡ መክሊት"፣ የመክሊት አባት፣ ትልህ ነበር። አንድ ቀን፣ ሱዳን በለመድካት ዐረብኛ፣ በኩሩ የሞተበት ሰውስ ምን ተብሎ ይጠራል ብለህ ጠየቅሃት።

"በሞተው ልጁ ስም" አለችህ። "ልጅ ቢሞትም የአባቱ መጠሪያ አይቀየርም።"

ወረቀቱን መልሰህ ተቀበልካትና መስኮቱን ጨመርክ።

ያኔ ዐወቅሁት። ሱዳን፣ ገዳሪፍ የተከራየናት ክፍል መስኮት ነው፤ በኩራችን ሐና ትኩሳቱ ሲጸናባት አየር እንድታገኝ ከሥሩ ያስተኛናት። እዚያው ቀብረናት መጣን። አሜሪካ ስንገባ መክሊትን የመጀመሪያችን አልናት፤ እኔም አንተም የሐናን ስም ዳግመኛ አላነሳንም። ረስቷታል ብዬ ይህን ሁሉ ዓመት ተቀይሜህ ኖርኩ። አንድ ቀን እንኳ አልጠየቅሁህም።

መስኮቱ ይቆይ አልኳት።

ትናንት ሥዕሉ ተሰቀለ። መክሊትን ፊቱ አቁሜ ሁሉንም ነገርኳት። ትጮህብኛለች ብዬ ፈርቼ ነበር። ብዙ ቆማ አየችው፤ ከዚያ እኅቷ ስንት ዓመቷ እንደነበር ጠየቀችኝ። ሁለት፣ አልኳት። የመኪናህን ቁልፍ ከእጄ ተቀብላ ወደ ቤት የነዳችው እሷ ናት።

ሙት ዓመትህ ሲደርስ ለቄሱ በምሰጠው ወረቀት ላይ የክርስትና ስምህን እጽፋለሁ፤ ከሥሩም የሐናን፣ ወለተ ማርያም ብዬ። በሕይወት እስካለሁ ድረስ አንዳችሁን ያለ ሌላችሁ አላስጠራም።

አልማዝ