ከአባዬ ራስጌ የተቀዳ

ለእትዬ፣

እንደምን ከርመሻል? ልጆቹስ? እኛ ደህና ነን፤ አባዬም እንቅልፍ አበዛ እንጂ ደህና ነው።

ሰሞኑን ለአንድ አስፈሪ የቴሌቪዥን ድራማ ሙዚቃ ስሠራ ነበር። ልበ ደረቁ ዳይሬክተራችን የሠራሁትን ሁሉ «አላስፈራኝም» እያለ አሳረረኝ። ግራ ሲገባኝ የአባዬን ትንፋሽ ቀድቼ ከቫዮሊኑ ሥር ባስገባው፣ «ይሄን ከየት አመጣኸው? ፀጉሬን አቆመው!» አለኝ።

ኋላ ደግሞ በትንፋሾቹ መሀል ያለውን ዝምታ አርዝምልኝ አለ። በኮምፒውተር ማርዘም አላስፈለገኝም፤ እንደገና ቀድቼ ላክሁለት። በጣም ወደደው።

ሥራው ቢያልቅም ማይክሮፎኑን ከአባዬ ራስጌ አላነሳሁትም። ዕረፍትሽን ወደዚህ ሳምንት ብታመጪው ደስ ይለዋል። ብቻ ምንም አታስቢ።

ማዳመጫው ጆሮዬ ላይ ስለሆነ ይሄን ስጽፍ በየመሀሉ ብዕሬን አቁሜ እጠብቃለሁ።

አሁን ተነፈሰ። በይ ደህና ሁኚልኝ።

ታናሽ ወንድምሽ