አንድ ጊዜ ብቻ ስለተጠየቅሁበት ፊልም

ለተከበሩ ወይዘሮ ኢሪት፣
የሰፈራችን ማትናስ (የማኅበረሰብ ማዕከል) ሥራ አስኪያጅ፣
አሽቀሎን፣ እስራኤል

የእርስዎንና የቤተሰብዎን ጤና እየተመኘሁ፣ እኛን አረጋውያንን ያንቀጠቀጠን የአዳራሽዎ ማቀዝቀዣ እርስዎን እንዳይጎዳዎ እየጸለይሁ እጀምራለሁ።

ባለፈው ሳምንት ስለ ነፃነት ትርጉም የተሠራውን አጭር የሙከራ ፊልም ስላሳዩን አመሰግናለሁ። በባሕሩ ዳር አሸዋ ላይ ብቻውን የቆመ በር፣ ነፋስ የሚያንሳፍፈው ፌስታል፣ በመጨረሻም ወንበር ላይ ዝም ብላ የተቀመጠች አሮጊት አየን። አሮጊቷ እኔ ነኝ። ቅሬታዎቼም ጥቂት ናቸው።

፩ኛ. በሩ እስከ ግማሹ ድረስ ብቻ ነው የተቀባው። ወጣቱ ዳይሬክተር አቶ ዶር ይህም ትርጉም እንዳለው ስለነገሩኝ፣ ከቀቢው ስንፍና ለይቼ እስክረዳው ጊዜ ይሰጠኝ።

፪ኛ. ፌስታሉ ከእኔ ይልቅ ለረጅም ጊዜ ታይቷል። በትወና ስለበለጠኝ አልቃወምም።

፫ኛ. አቶ ዶር ቤቴ መጥተው ነፃነት ለእኔ ምን እንደሆነ ጠየቁኝ። እንዳደግሁበት ወግ «ኧረ እኔ ምን አውቃለሁ፣ ይቅርብኝ» አልሁ። በእኛ ዘንድ እንዲህ የሚል ሰው ጉሮሮውን እየጠረገ ነው፤ ጠያቂውም «በሞቴ!» እያለ ደጋግሞ ይለምናል። እርሳቸው ግን ፈቃዴን እጅግ ስለሚያከብሩ ወዲያው አመስግነው ካሜራውን ከፈቱ። በዚህ አያያዝ እኛ ቤት የሚመጣ እንግዳ ሁሉ ጦሙን ባደረ ነበር። ያ ጥልቅ ነው ብላችሁ ያጨበጨባችሁለት ዝምታ፣ ሁለተኛውን ልመና ስጠብቅ የነበረው ነው። ጎረቤቴ ብርክቲማ፣ «አንቺ ደግሞ ከመቼ ወዲህ ነው ዝም የምትዪው?» እያለች እስካሁን ትስቅብኛለች።

ልናገር የተዘጋጀሁት ይህን ነበር። ወደ ኢየሩሳሌም ስንጓዝ ሱዳን መጠለያ ሳለን፣ አይሁድ መሆናችን እንዳይታወቅብን እህቴን ማንጠግቦሽን የቀበርናት ድምፅ ሳናሰማ ነው። ነፃነት ለእኔ ስሟን እየጠሩ፣ እየጮኹ ማልቀስ ነው። እናንተ ግን አፌን መልሳችሁ ዘግታችሁ፣ ነፃነት ብላችሁ አሳያችሁት። ኮል ሃካቮድ፣ ክብር ይገባችኋል።

ፊልሙ በስግድ በዓል ሰሞን እንደገና እንደሚታይ ሰምቻለሁ። ከዚያ በፊት የእህቴ ስም በራሴ ድምፅ እንዲገባበት በትሕትና አመለክታለሁ።

ለሚያዳምጡበት ትዕግሥትዎ፣ ገና ያላየሁት ቢሆንም፣ አስቀድሜ እጅ እየነሣሁ፣

ከአዳራሽዎ የኋላ ወንበር የማልጠፋዋ፣
ደጅይጥኑ ፈረደ
ከአፍሪዳር ሰፈር

ማስታወሻ፦ አቶ ዶር ተመልሰው ሲመጡ አሁንም መጀመሪያ እምቢ እላለሁ፤ አይመኑኝ፣ ደግመው ይጠይቁኝ። ይህ ከከበዳቸው ፌስታሉን ያነጋግሩት።