ከጋዜጣው ሥር የነበሩ የነፋስ አዳራሾች

ነሐሴ 27

ለማንም ተናግሬው አላውቅም። የልጄን የሰገንን ደብተር ገነጣጥዬ ግድግዳ ላይ የለጠፍሁት እኔ ነኝ። አባቷ አይደለም።

ተጽፎ ሳየው አጭር ነው። ሃያ ሁለት ዓመት ግን ተሸክሜዋለሁ።

ሌላ የተለየ ነገር የለም ዛሬ። ዝናብ። ውሃው ከሩዙ ማሳ አልፎ አጥሩ ሥር ደርሷል። የጓዳው ግድግዳ ረጥቦ ጋዜጣው መላቀቅ ጀምሯል።

ነሐሴ 29

ጎረቤቴ ሀሚዳ ከሱቋ ብቅ አለች። ግድግዳውን አይታ ሳቀች።

«እትዬ ጸሐይነሽ፣ ወረታ ውስጥ ጋዜጣ የሚለጥፍ እርስዎ ብቻ ቀሩ! ይኸ እኮ ከእኔ ይበልጣል በዕድሜ። ለመስቀል ቀለም እናስቀባልዎታለን።»

«ቆይ እስኪ» አልኋት። ከጋዜጣው ሥር ምን እንዳለ አውቃለሁና...

ያኔ ማንበብ አልችልም ነበር። ለበዓል ቤቱን ላሳምር፣ በስንጥቁም ነፋስ እንዳይገባ ብዬ፣ ያለቀ የትምህርት ደብተር መስሎኝ ቅጠሎቹን በዱቄት ሙጫ ለጠፍሁ። ጋዜጣ ደረብሁበት። ሰገን ከትምህርት ቤት መጥታ «ታሪክ የምጽፍበት ደብተሬስ?» ስትል ደነገጥሁ። «አባትሽ ዘር ሊቋጥርበት ወስዶት ይሆናል» አልሁ።

ባለቤቴ ደረሰ ከእርሻ ሲገባ እያለቀሰች ጠየቀችው። እኔን አየኝ። ሙጫው ገና ከእጄ አልለቀቀም።

«አዎ፣ እኔ ነኝ» አላት።

ለምን? አንድ ቀን እንኳ አልጠየቅሁትም። እሱም አላነሣው። ሰገን ከዚያ ወዲያ ከአባቷ ጋር «እሺ» እና «እንቢ» ብቻ ሆነች። መጻፉንም ተወችው። እሱ ካረፈ ዘጠኝ ዓመት ሆነው።

እኔ ፊደል የቆጠርሁት እሷ ይፋግ መምህርት ሆና ከሄደች በኋላ ነው። በተወችው የፊደል ገበታ።

ጳጉሜን 2

ጨርቅ በሞቀ ውሃ እየነከርሁ ጋዜጣውን ላጥሁት። የልጄ ጽሕፈት! በጣቴ እየተከተልሁ አነበብሁ።

«ሽውታ በሚባል አገር ሰባት አዳራሾች አሉ። ጣሪያቸው ከበሬ ቀንድና ከሐይቅ ዳር ደንገል ነው። ውስጣቸው በገና የሚደረድር፣ ዋሽንት የሚነፋ ሰው የለም። ነፋስ ሲመጣ በረኛዋ በሮቹን ትከፍታለች፤ አዳራሹ ራሱ ይዘፍናል። የደጋው ነፋስ ለሽማግሌዎች፣ የሐይቁ ነፋስ ለሕፃናት።»

ዐሥራ ሁለት ዓመቷ ነበር። ከየት አመጣችው?

የቅጠሎቹ ጀርባ ከጭቃው ጋር ስለተጣበቀ ታሪኩ ይዘላል። አንደኛው አዳራሽ ለምን እንደተዘጋ አላወቅሁም። መጨረሻዋ ቅጠል «ነፋስ የጠፋ ቀን ግን» ብላ ታቆማለች። ላላቅቃት ብል ልትቀደድ ሆነ። ተውሁ። ሁለተኛ ልቅደድባት?

ጳጉሜን 4

«የትልቁ አዳራሽ በረኛ ጸሐይነሽ ትባላለች። ማንበብ አትችልም። ነፋስን ግን ገና ከሩቅ በድምፁ ትለየዋለች።»

ዛሬ ሥራ አልሠራሁም።

መስከረም 6

ሰገን ደወለች። ለመስቀል ትመጣለች። ልነግራት አፌን ከፈትሁ... የወጣው ሌላ ሆነ።

«ነፋስ የጠፋ ቀን አዳራሹ ምን ይሆናል?»

 

«እማ... ይኸን ማን ነገረሽ?»

«ስትመጪ» አልኋት።

መስከረም 16

መጣች። ነጠላዋን ሳታወርድ ግድግዳው ፊት ቆመች። ጽሕፈቷን በጣቷ ነካች።

«አባባ ነው እዚህ የለጠፈው?»

አዎ ማለት ቀላል ነበር። የሞተ ሰው አይከራከርም።

«እኔ ነኝ። እሱ ደብተሩን በዓይኑም አላየው።»

«ታዲያ ለምን እኔ ነኝ አለ?»

«እኔን እንዳትጠዪኝ ይመስለኛል።»

«እሱን ጠላሁት እኮ፣ እማ!» ጮኸች። ሰገን ጮኻ አታውቅም።

ደመራ ሳንሄድ ቀረን።

መስከረም 17

በጠዋት አባቷ መቃብር ሄደች። ብቻዋን። አብሬሽ ልሂድ አላልኋትም። ስትመለስ ጉልበቷ ላይ ጭቃ ነበር። እህል ሳትቀምስ፣ ሳትስመኝ ይፋግ ሄደች።

መስከረም 24

ስልክ። መጀመሪያ ትንፋሿ ብቻ ነበር። ቀጥሎ...

«ሰው ሁሉ ይገባል።»

«የት?»

«አዳራሹ ውስጥ ነዋ። ነፋስ የጠፋ ቀን። በረኛዋ ታስገባቸውና አንድ ላይ ይተነፍሱበታል። ቀስ ብሎ ይዘፍናል።»

ይኸን ሁሉ ዓመት አልረሳችውም!

«በረኛዋስ?» አልኋት።

«እሷማ ቀድማ ነው የምትተነፍስ። ግድግዳውን ቀለም እንዳታስቀቢው። ቅዳሜ እመጣለሁ። የአባባን ነገር ሁሉ ትነግሪኛለሽ። ደብተር ይዤ ነው የምመጣ።»

ሀሚዳ ለመስቀል ያመጣችልኝን የቀለም ጣሳ መለስሁላት። «ደግሞ ምን መጣ? ጋዜጣው ናፈቀዎት?» ብላ ሳቀችብኝ። እኔም ሳቅሁ።

በጋዜጣ የሸፈንሁትን የጓዳ መስኮት ከፈትሁት። ከሐይቁ በኩል ይነፍሳል።

ይኸን የምጽፍበትን ደብተር ቅዳሜ ከእጄ የምትቀበለው ሰገን ናት። ሰገን ደረሰ።