ቦታውን የለቀቀው ጠባቂ

ሰኞ፣ ጥር 4

ከዛሬ ጀምሮ የቢሮ ሰው ነኝ። ሃያ ሁለት ዓመት ሰው ካጀብኩ በኋላ ጉልበቴ እምቢ አለ። የኪሊማኒ ሰፈሩ ሐኪም "መሮጥ ክልክል" ብሎኛል። መሮጥ የማይችል አጃቢ ምን ይባላል? እንግዳ ተቀባይ!

አለቃዬ ሚናስ ግን ሥራ አላጣልኝም። "እህቴ፣ ኦፊሱን ልናድስ ነው፤ ስቶሩን አጽጂልኝ። ለሠላሳኛ ዓመታችን አንድ ገጽ ታሪክ ይበቃል። ሌላው ይጣል።" ይህን የጥበቃ ድርጅት የመሠረቱት አባቱ ጋሽ ሀብተወልድ ናቸው፤ ነፍሳቸውን ይማር። ሚናስ ግን አሮጌ ነገር አይወድም...

ማክሰኞ፣ ጥር 5

ስምንት ካርቶን ፎቶ። ደንበኞቹ መሃል ላይ ፈገግ ብለዋል። እኛ አጃቢዎቹ ጠርዝ ላይ... የባልደረባዬ የሠርክ ክርን፣ የፋኑኤል ጆሮ። ራሴንም አገኘሁ፤ ግማሽ ፊት፣ ሳዛጋ። ብቻዬን ስስቅ የጽዳት ሠራተኛዋ በሩን ከፍታ አየችኝና መልሳ ዘጋችው።

ዓርብ፣ ጥር 8

ጃፈር የሚባል ጠባቂ ፋይል አገኘሁ። "የሆቴሉን በር ጥሎ በመሄዱ ተሰናብቷል።" እኔ ከመቀጠሬ በፊት ነው። እሺ። ግን የዚያኑ ቀን የሬዲዮ መዝገብ ስገልጥ... "8፡40፦ ጃፈር በሩን ለቀቀ። ማዶ መኪና እየነደደ ነው። ሕፃን አወጣ። እጁ ተቃጥሏል።"

ሁለቱ ወረቀቶች ሃያ አምስት ዓመት አንድ መደርደሪያ ላይ ኖረዋል። አንድም ሰው ጎን ለጎን አላያቸውም?

ቅዳሜ፣ ጥር 9

ፋይሉ ላይ ባለው አድራሻ ኢስሊ ሰፈር ሄጄ ጠየቅኩ። ሦስተኛው ጨርቅ ነጋዴ "አባ ጃፈር? ያውና ሱቃቸው" አለኝ። ከየት እንደመጣሁ ስነግራቸው ፊታቸው ተለወጠ።

"በሬን ጥዬ ሄጃለሁ። እውነት ነው። አሁን ምን ፈለጋችሁ?"

"ሕፃኑስ?"

"ስለ ሕፃኑ ማን ነገረሽ?"

የመዝገቡን ፎቶ በስልኬ አሳየኋቸው። መነጽራቸውን አድርገው ሦስቴ አነበቡት። "ጽፎት ነበር! ሬዲዮኛው ጽፎት ነበር..." ሻይ አዘዙ። ሁለት ሰዓት ሙሉ አወሩኝ፤ ማስታወሻዬ ሞላ።

ማክሰኞ፣ ጥር 12

ወረቀቶቹን ሚናስ ጠረጴዛ ላይ ጎን ለጎን አስቀመጥኩ። ፈራሁ... የአባቱ ፊርማ ነው።

"የስንብት ሌተሩን የፈረመው አባዬ ነው?"

"አዎ።"

"መዝገቡን ሳያይ?"

"እሱን አላውቅም፣ ሚናስ።"

ሁለቱንም ወረቀት አንድ ፋይል ውስጥ ከተተ። ከዚያ፣ "የሚጣል ነገር የለም። አንድም ወረቀት።"

ዓርብ፣ ጥር 22

የሠላሳኛ ዓመት በዓሉ ዛሬ ነበር፤ አባ ጃፈርም ከነልጃቸው ተጋብዘው መጡ። ሚናስ ሁሉም ፊት ቆሞ ሁለቱንም ወረቀት አነበበ። "አባቴ ተሳስቶ ነበር። ይቅር ይበሉን፣ አባ ጃፈር።" ቆመን አጨበጨብን፤ ማን ያቁመን!

አባ ጃፈር የሚያዩት ግን ልጃቸውን ኩለሱምን ነበር። እሷ ጠባሳ ያለበትን እጃቸውን ይዛለች። "ዘይት ነው ያቃጠለኝ ስትለን አልነበር?"

"የተባረርኩበትን ሥራ በምን አፌ ላውራችሁ?"

እያለቀሰች ሳቀች። እኔም... ለነገሩ ማን ያላለቀሰ አለ?

ሰው ሲበተን ሚናስ ጠጋ አለኝ። "ጉልበትሽ ከዳነ ወደ አጃቢነት ትመለሻለሽ?"

"አልመለስም" አልኩት። ሳላስብ። ራሴም ገረመኝ። ባለፈው ወር ቢጠይቀኝ እየሮጥኩ ነበር የምሄደው።

የስቶሩ በር ላይ "የታሪክ ክፍል" ብዬ ጽፌ ለጠፍኩ። ትንሽ ተጣሟል። ይሁን፣ ይነበባል።