ካርታዎቻችንን በላስቲካቸው ልክ ሊቆርጡልን ላሰቡት ኃላፊ

ለተከበሩ የሠፈራችን የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት የንብረትና ግዥ ክፍል ኃላፊ፤
ባሉበት፣ ማለትም ሦስተኛ ፎቅ።

ከሁሉ አስቀድሜ ጤናዎ እንደምን ሰንብቷል እላለሁ። ይህ ደብዳቤ እርስዎን በሙሉ ጤንነት፣ ወንበርዎን በሙሉ ምቾት፣ ማኅተምዎን ደግሞ በሙሉ ቀለም እንዲያገኛቸው ልባዊ ምኞቴ ነው። እኔ በሙያዬ ልብስ ሰፊ፣ ቅዳሜ ከሰዓት ደግሞ በቤተ መጻሕፍቱ ምድር ቤት የሚሰበሰበው የገበታ ጨዋታ ክበብ ጸሐፊ ነኝ። ግልጽ ደብዳቤ የመጻፍ ልማድ የለኝም፤ ነገር ግን ክፍልዎ የዋለልንን ውለታ ቢሮዎ ገብቼ በሹክሹክታ ማመስገን ንፉግነት መስሎ ስለታየኝ፣ ወጪ ወራጁ ሁሉ እንዲያነበው መግቢያው በር ላይ መለጠፉን መርጫለሁ።

በር ላይ ቆመው የሚያነቡትም ግራ እንዳይጋቡ ነገሩን ከሥሩ ላስረዳ። የምንጫወተው ጨዋታ «ገበያ» ይባላል። የሠሩት አጎቴ፣ የእናቴ ታናሽ ወንድም፣ ሠፈሩ ጋሽ ብሩሽ የሚላቸው፣ አርባ ዓመት ሙሉ የሱቅ ማስታወቂያ ሲጽፉ የኖሩ ሰው ናቸው። ጡረታ ሲወጡ በተረፋቸው ካርቶንና ቀለም ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ካርታዎች ሣሉ፤ በእያንዳንዱ ካርታ ላይ አንድ የሠፈራችን ሰው አለ። ሰዓት ሠሪው አለ፣ አዋላጇ አለች፣ ጥርስ ነቃዩ አለ፣ ደብዳቤ አዳዩ ከነብስክሌቱ አለ። ተጫዋቹ እነዚህን ሰዎች እየሰበሰበና እየተለዋወጠ፣ ሲመቸውም እያታለለ ገበያውን ይሞላል። ከሥዕሉ ግርጌ፣ ልክ የካርታው ጠርዝ ላይ፣ ሰውየው ዘወትር የሚናገራት ነገር በጉንዳን ፊደል ተጽፋለች። ሰዓት ሠሪው «ነገ ብቅ በል፣ ይደርሳል» ይላል። አዋላጇ «አይዞሽ፣ ገና ነው» ትላለች። ከሰዎቹ ገሚሱ ዛሬ በሕይወት የሉም። የአጎቴም እጅ እንደ ድሮው አይደለም፣ ሻይ እንኳ የሚጠጡት ብርጭቆውን በሁለት እጃቸው ይዘው ነው፤ ስለዚህ ይህ ጨዋታ ሁለተኛ የለውም።

ካርታዎቹ በስንቱ እጅ ላብ እየወዙ ጥጋቸው ስለሳሳ፣ ሽፋን እንዲገዛላቸው ከሰባት ወር በፊት አመለከትን። ከዚያ ወዲህ የሆነውን ለምስጋና እንዲመች በተራ ቁጥር አስቀምጣለሁ።

፩ኛ፤ ማመልከቻችንን ሳያነቡ ስለተቀበሉልን አመሰግናለሁ። አሥራ አንድ ገጽ ስለነበር ቢያነቡት ይደክሙ ነበር። ሆኖም ያመለጥዎትን ደስታ ባጭሩ ባላካፍልዎ ቅር ይለኛል። የካርታ ሽፋን ማለት አንድ ካርታ ብቻ የምትገባባት፣ ባንድ በኩል ክፍት የሆነች ጥርት ያለች ላስቲክ ናት፤ ሲያዩዋት ተራ ነገር ትመስላለች፣ ሲመርጧት ግን ሙሽራ ከመምረጥ ታስቸግራለች። የሚያብረቀርቀውን ዓይነት ስንሞክር መብራቱ እየተንጸባረቀበት የክበባችን አባል የጡረተኛዋ መምህርት ካርታዎች በሙሉ መነጽራቸው ላይ ወለል ብለው ታዩ፤ እሳቸው ሦስት ዙር በተከታታይ ሲሸነፉ ምክንያቱን የነገራቸው አንድም ጨዋ ሰው አልተገኘም። ስሱን ስንሞክር ፀጉር አስተካካዩ ገና አንዴ ሲበውዘው በጎን ተተረተረ። ወፍራሙ ግሩም ነበር፣ ነገር ግን ካርታው ሁሉ ሲለብስ ሳጥኑ አልዘጋ አለ፤ ዳቦ ጋጋሪያችን ሲቀመጥበት ተዘጋ፣ ሲነሣ ተከፈተ፣ እንደገና ሲቀመጥ ማጠፊያው ተሰበረ። በመጨረሻም በሁለት ድምፅ ብልጫ መካከለኛ ውፍረት ያለውን፣ ፊቱ ደብዘዝ ያለውን መረጥን። ጌታዬ፣ ያ ሽፋን ሲበወዝ የሚያሰማውን ድምፅ ቢሰሙት ኖሮ! ዳቦ ጋጋሪው ከደስታው ብዛት አቅፎ ሳመኝ፤ ሚስቱም እዚያው ነበረች፣ እሷም ሳመችኝ።

ልኩንም ጽፈናል። የካርታችን ስፋት ስድሳ ሰባት፣ ቁመቱ ዘጠና ሁለት ሚሊ ሜትር ነው። የለካሁት እኔ ነኝ፤ በሠላሳ ዓመት ሥራዬ የደንበኞቼ ወገብ ይሳሳታል እንጂ የኔ ሜትር ተሳስቶ አያውቅም።

፪ኛ፤ ልካችንን አምኖ መቀበል ለደንቡ ስለማይመች የራስዎን ለኪ ስለላኩልን አመሰግናለሁ። ባለሙያዎ የመጡት ማክሰኞ፣ እኛ የምንሰበሰበው ቅዳሜ በመሆኑ ሳጥኑን ተቆልፎ አገኙት፤ ባዶ እጃቸውን መመለስ ነውር ሆኖባቸው ሳጥኑን ለክተው ተመለሱ። ከአንድ ወር በኋላ የመጣልን ናሙና አንዱ ላስቲክ ሁለት መቶ አሥራ ሁለቱን ካርታዎች ካንድ ድመት ጋር ይይዛል። ድመቷን የሞከርነው በፈቃዷ ነው። አንዱን ናሙና ዳቦ ጋጋሪው ወስዶ ዝናብ ሲጥል ራሱ ላይ ያጠልቀዋል፤ ምስጋናውን አድርሱልኝ ብሏል።

፫ኛ፤ በሁለተኛው ዙር ነገሩን እኛን ከመጠየቅ ይልቅ ሻጩን ስለጠየቁ አመሰግናለሁ። ሻጩም የዓለም ካርታ ሁሉ ልኩ አንድ ነው፣ ስድሳ ሦስት በሰማንያ ስምንት፣ ብለው አረጋገጡልዎ፤ እርስዎም አምስት መቶ ፍሬ አስገቡ፣ ንብረት ክፍል መዘገበ፣ ማኅተም አረፈ። ካርታችን አልገባበትም። ፀጉር አስተካካዩ በቅባት ሞከረ፣ አልገባም። መምህርቷ ዓይናቸውን ጨፍነው ሞከሩ፣ አልገባም። ይህንኑ በትሕትና ስናሳውቅ ከክፍልዎ የደረሰን መልስ ግን በዕድሜዬ ካነበብኳቸው ደብዳቤዎች ሁሉ የሚበልጥ ነው፤ ስፌት ቤቴ ግድግዳ ላይ በመስታወት አድርጌ ሰቅዬዋለሁ። ሽፋኖቹ በመዝገብ የገቡ ንብረት ስለሆኑ አይመለሱም፤ ካርታዎቹ ግን በስጦታ የመጡና ያልተመዘገቡ ስለሆኑ፣ ያልተመዘገበው ለተመዘገበው ልክ መሆን አለበት፤ በመሆኑም ሐሙስ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ በማባዣ ክፍል የወረቀት መቁረጫ እያንዳንዱ ካርታ ከአራቱም ጎን ሦስት ሦስት ሚሊ ሜትር ይቆረጣል ይላል።

እኔ እጅጌ ሲያጥርብኝ የደንበኛዬን ክንድ ቆርጬ አላውቅም። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ጨርቅ ስጨምር፣ ስፈታ፣ እንደገና ስሰፋ መኖሬ ለካ ድንቁርና ኖሯል። ይህን አዲስ የሙያ ብርሃን ስለፈነጠቁልኝ ተማሪዎ ነኝ።

ሦስት ሚሊ ሜትር ስንት ነው ቢሉኝ፣ የአጎቴ የጠርዝ ጽሑፍ ቁመት ነው። ሰዎቹ ይተርፋሉ፣ ንግግራቸው ተቆርጦ ቆሻሻ መጣያ ይገባል ማለት ነው። ይህን ለአጎቴ የነገርኳቸው እኔ ነኝ፣ ባልነገርኳቸው ይሻል ነበር። ያለፈው ቅዳሜ ማጉያ መነጽራቸውን ይዘው መጡና ካርታዎቹን አንድ በአንድ እያነሡ ጠርዙን ጮክ ብለው ማንበብ ጀመሩ። ምን እያደረጉ ነው ብላቸው «ሳይቆረጡ አንዴ ይናገሩ ብዬ ነው» አሉኝ። ሠላሳ አንዳችንም ጨዋታውን ትተን ከበን ሰማን። ስልሳኛው ላይ ሲደርሱ ድምፃቸው ደከመ፤ ያን ጊዜ ወጥቼ ደረጃው ሥር አለቀስኩ። እርስዎን በዚያች ሰዓት ምን ብዬ እንደጠራሁዎ በዚህ በተከበረ ደብዳቤ ላይ አላሰፍረውም፣ በቃሉ ግን አላፍርበትም።

፬ኛ፤ ከምስጋናዎቼ ሁሉ ትልቁ እዚህ ላይ ነው፤ እባክዎ ይቀመጡ። ከሚቆረጡት ካርታዎች አንድም እንዳያመልጥ በማሰብ አምስት አባላት ያሉት ኮሚቴ አቋቁመው፣ ሰኞ ዕለት እያንዳንዱ ካርታ ጀርባ ላይ የቤተ መጻሕፍቱን ማኅተም አስመትተው፣ ከአንድ እስከ ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ቁጥር ሰጥተው፣ ዝርዝሩን ፈርመው ግልባጩን ለማዋሻ ክፍል ልከዋል። የማዋሻ ክፍሏን ሠራተኛ ያውቋታል። የገዛ ጃንጥላዋን ለእህቷ ስታውስ እንኳ የምታስፈርም ሴት ናት። ዝርዝሩን ሁለቴ አነበበችና ስልክ ደወለችልኝ። ማኅተምና ቁጥር ያለው ዕቃ ሁሉ፣ አለችኝ፣ በደንቡ የቤተ መጻሕፍቱ ንብረት ነው፤ የቤተ መጻሕፍቱ ንብረት ደግሞ ለአባል ሁሉ ይዋሳል፣ ለአንድ ሰው ሁለት፣ ለአሥራ አምስት ቀን፤ ሌላ ጠያቂ እስካልመጣ ድረስ በተጠየቀ ቁጥር ይታደሳል። ተዋሹም ባለበት ሁኔታ የመመለስ ግዴታ አለበት። አንዲት ሚሊ ሜትር ቢያጎድል ይቀጣል።

እኔ ስሌት አልወድም፣ ይህችን ግን በጣቴ ቆጠርኳት። መቶ ስድስት ሰው ያስፈልገናል። እኛ ሠላሳ አንድ ነን።

ትናንት ረቡዕ ከሰዓት ቢሮዎ ተቀምጠው ከታች ሳቅ ሰምተው ከነበረ ስለረበሽንዎ ይቅርታ እጠይቃለሁ። ሰልፉ ከማዋሻው ጠረጴዛ ተነሥቶ ደረጃውን ይዞ እስከ ሁለተኛው ፎቅ ደርሶ ነበር። አክስቶቻችን መጡ፣ አማቾቻችን መጡ፣ ለሰባት ዓመት የማንነጋገረው ጎረቤቴ መጣ፣ ሰልፍ ላይ ጎን ለጎን ቆመን ታረቅን። ፀጉር አስተካካዩ ግማሽ ፊቱን የላጨውን ደንበኛውን ከነአረፋው ይዞት መጣ፤ ሰውየው መታወቂያውን ከሽርጡ ሥር አውጥቶ አባል ሆነና ሁለት ካርታ ተውሶ ሄደ፣ አንዱ ካርታ ቁርጥ ራሱን ይመስላል። ዳቦ ጋጋሪው እጁን ሦስት ጊዜ እንዲታጠብ ተገደደ። ሠራተኛዋ ለአንዱም ሳትፈግግ መቶ ስድስት ጊዜ አስፈረመች፤ መዝጊያ ሰዓቱ አሥር ደቂቃ ሲቀረው የመጨረሻዋ ካርታ ወጣች፣ ያን ጊዜ ጠረጴዛውን በሁለት እጇ እየደበደበች ሳቀች። አጎቴ በሕይወታቸው የሠሩት ማስታወቂያ ሁሉ ይህን ያህል ሰው አሰልፎ እንደማያውቅ ነገሩኝ፤ ከዚያም እኔ ራሴ የሰፋሁትን የእሑድ ልብሳቸውን ለብሰው ሰልፉን ከላይ እስከ ታች ሁለት ጊዜ እየጨበጡ አለፉ።

እንግዲህ ዛሬ ሐሙስ ጠዋት የማባዣ ክፍሉ መቁረጫ ተስሎ ይጠብቅዎታል፣ የሚቆርጠው ግን የለም። ከካርታዎቹ አንዱን አስመልሰው መቁረጥ ቢፈልጉ አሥራ አምስት ቀን ጠብቀው ወረፋ ይያዙ፤ ወረፋው ላይ እኛም አለን። አምስት መቶዎቹን ላስቲኮች በተመለከተ የመምህርቷ የልጅ ልጆች የስልክ ቁጥር መያዣ፣ የአዝራር መክተቻ፣ የደረቀ ቅጠል ማስቀመጫ ሊያደርጓቸው ሐሳብ ስላላቸው አይጨነቁ። እኛ የምንለምንዎ ሁለት ነገር ብቻ ነው፤ ውስጡ ስድሳ ዘጠኝ በዘጠና አራት የሆነ፣ መካከለኛ ውፍረት ያለው፣ ፊቱ የደበዘዘ ሽፋን፣ እንዲሁም ሰፋ ያለ ክፍል። ከእንግዲህ ቅዳሜ ቅዳሜ መቶ ስድስት ሰው እጁ ላይ ሁለት ሁለት ካርታ ይዞ ስለሚመጣ ምድር ቤቱ አይበቃንም።

ሰባት ወር ሙሉ ስላልሰሙን፣ ስላላዩን፣ በመጨረሻም ሳያውቁት ስላዳኑን፣ ዝቅ ብዬ፣ መቀሴን አስቀምጬ፣ መርፌዬን ሰክቼ፣ ከዚህ ቀደም ለማንም ኃላፊ አቅርቤው የማላውቀውን ጥልቅ አክብሮት አቀርባለሁ።

ታማኝ ተማሪዎ፣
ልብስ ሰፊዋ፣
የገበታ ጨዋታ ክበብ ጸሐፊና የካርታ ቁጥር 14 እና 15 ተዋሽ

ማስታወሻ፦ ትናንት ሰልፉ መጀመሪያ ላይ፣ ከሁሉ አንድ ሰዓት ቀድመው ደርሰው የቆሙት እናትዎ ነበሩ። ቁጥር ሰማንያ ስድስትን ለይተው ጠየቁ፤ እርስዎ በፈረሙት ዝርዝር ላይ «አናጢ፣ አራቱም ጎን ይቆረጥ» የሚለውን። ካርታው ላይ ያሉት ነፍሳቸውን ይማርና አባትዎ መሆናቸውን እኔ ከእናትዎ አፍ ነው የሰማሁት፤ እርስዎም ቢሆኑ ሦስት ፎቅ ወርደው ስላላዩት አልፈርድብዎትም። ማየት ካሰኘዎት «ቤት ብቅ ይበል፣ ለእናቱ ቤት ማመልከቻ አያስፈልገውም» ብለዋል። ጠርዙ ላይ ያለው ጽሑፍ፣ አባትዎ መጋዝ ከማንሣታቸው በፊት ሁልጊዜ የሚሏት ናት ብለው አንብበውልኛል፤ «እስቲ መጀመሪያ ልየው» ትላለች።